ከሳንካበር የወረደው ቁጥር

«መጀመሪያ የመቀመጫዬን!» አለች ዝንጀሮ። እሾህ በየአካሏ ተሰክቶባት «የትኛው ይነቀልልሽ?» ተብላ ስትጠየቅ የሰጠችው መልስ ነው ይላሉ አበው። ይህን ተረት መጀመሪያ የተናገረው ሰው ደገኛ ሳይሆን እንደማይቀር እገምታለሁ፤ የሰሜን ሰው ቢሆንም አይገርመኝም። በሰሜን ተራሮች የሚኖረው ጭላዳ ዝንጀሮ ኑሮው ሁሉ በመቀመጫው ላይ ነውና። ሌላው ዝንጀሮ ፍሬ ፍለጋ ሲሮጥ፣ ዛፍ ሲወጣ ሲወርድ፣ ጭላዳ ግን ሣር ላይ ዘፍ ብሎ በሁለቱም እጁ እየነጨ ይበላል፤ ያለበት ቦታ ሲያልቅ እንኳ ብድግ ማለት አይሻም፤ በመቀመጫው እየተንፏቀቀ ወደሚቀጥለው ለምለም ይሻገራል። ሌሎች የዝንጀሮ ወገኖች በኋላቸው የሚያሳዩትን ቀይ ምልክት ጭላዳ በደረቱ የተሸከመው፣ መቀመጫው ሁልጊዜ ሣር ውስጥ ስለሚደበቅ ነው የሚሉ ተመራማሪዎች አሉ።

ውድ አንባቢያን፤ የዛሬው ጽሑፌ ይህንን ተቀማጭ እንስሳ ተከትለው ወደ አገራችን ስለመጡ፣ ከእርሱም ተነሥተው ስለ ሰው ልጅ ወዳጅነት፣ ሐሜትና ሃይማኖት ለተራው አንባቢ መጻፍ ስለጀመሩ አንድ የሥነ ልቦና ሊቅ ነው። ስማቸው ሮቢን ደንባር ይባላል። በዓለም ዙሪያ የሚታወቁት «የደንባር ቁጥር» በሚባለው ሐሳብ ነው፤ አንድ ሰው በእውነት አውቃቸዋለሁ፣ ያውቁኛል ሊላቸው የሚችላቸው ሰዎች ብዛት ከ150 እምብዛም አያልፍም የሚለው። ይህ ቁጥር በመጽሔት፣ በሬዲዮ፣ በንግድ ትምህርት ቤት፣ በማኅበራዊ መገናኛ ሁሉ ሲጠቀስ እሰማለሁ። ከቁጥሩ ጋር ደባርቅ ወይም ሳንካበር የሚል ስም ሲጠራ ግን ሰምቼ አላውቅም። ጎንደሬ በመሆኔ ይህ ትንሽ ይቆረቁረኛል። ታሪኩን ከሥሩ ላውጋችሁ።

ጭላዳን ለአውሮፓ ሳይንስ ያስተዋወቀው ከፍራንክፈርት የመጣው ኤድዋርድ ሩፔል ነው። እ.ኤ.አ. በ1830ዎቹ መጀመሪያ በሰሜን ተራሮች አድርጎ ጎንደር ገባ፤ ከከተማችን የብራና መጻሕፍትን፣ ከተራራው ደግሞ የእንስሳት ቆዳና አጥንት ሰብስቦ ተመለሰ። እ.ኤ.አ. በ1835 ባሳተመው ሥራው ዋልያንና ጭላዳን መዘገበ፤ «ጭላዳ» የሚለውን የአገሬውን ቃልም ምላሱ እንደቻለለት «ጌላዳ» ብሎ አስቀረው። እንስሳው እስከ ዛሬ በዓለም መዝገብ የሚጠራው በዚሁ በተሰበረ አማርኛ ነው። ስሙ እንኳ ተርፎልናል፤ ብራናዎቹ ግን ፍራንክፈርት ናቸው።

ከዚያ በኋላ ከመቶ ዓመት በላይ ጭላዳ ብዙ ጠያቂ አላገኘም። በ1960ዎቹ (እ.ኤ.አ.) የብሪስቶል ዩኒቨርሲቲው ጆን ክሩክ መጥተው የመንጋውን አኗኗር አጠኑ። እኚህ ክሩክ በኋለኛው ዘመናቸው የቡድሂስት ተመስጦ መምህር ሆነው ያረፉ ሰው ናቸው፤ ገደል አፋፍ ላይ ተቀምጦ ዝንጀሮ ሲመለከቱ መዋል ለተመስጦ ሳያሰናዳ አይቀርም። እ.ኤ.አ. በ1970 ደግሞ ክሊፎርድ ጆሊ የተባሉ ምሁር፣ የሰው ልጅ ቅድመ አያቶች ቆመው ከመሄዳቸው በፊት እንደ ጭላዳ ተቀምጠው ዘርና ሣር የሚለቅሙ ሳይሆኑ አይቀሩም የሚል ሐሳብ አቀረቡ። ሐሳቡ ዛሬ ብዙ ደጋፊ የለውም፤ ነገር ግን በዚያን ጊዜ ዓይኖች ሁሉ ወደ ሰሜን ተራሮች እንዲዞሩ አደረገ። የጭላዳ የሩቅ ዘመዶች አጥንት በአፋር ሐዳር፣ ድንቅነሽ ከተገኘችበት ምድር ውስጥ መውጣቱም ነገሩን አጠናከረው። በአንድ ዘመን ወገኖቹ በአፍሪካ ሜዳ ሁሉ ተበትነው ነበር፤ እስከ ስፔንና ሕንድም ደርሰዋል። ዛሬ የቀረው በኢትዮጵያ ደጋ ያለው ብቻ ነው።

ሮቢን ደንባር የክሩክ ተማሪ ነበሩ። እ.ኤ.አ. በ1947 ሊቨርፑል ተወልደው ያደጉት በምሥራቅ አፍሪካ ነው፤ በኦክስፎርድ ሥነ ልቦናና ፍልስፍና ተምረው በ1969 ተመረቁ። ከመምህሮቻቸው አንዱ ኋላ በ1973 የኖቤል ሽልማት ያገኙት ኒኮ ቲንበርገን ነበሩ። ወጣቱ ተመራማሪ ከባለቤታቸው ከፓትሲ ደንባር ጋር ወደ ሰሜን ተራሮች የወጡት በ1971 ነው። ብሔራዊ ፓርኩ በአዋጅ ከጸና ገና ሁለት ዓመቱ ነበር። ሳንካበር ከ3,200 ሜትር በላይ ከፍታ ላይ ያለ ቦታ ነው፤ ውርጩን የቀመሰ ያውቀዋል። በ1974 እና 75 ተመልሰው መጡ። ያ ዘመን በአገራችን እንዴት ያለ ዘመን እንደነበር ለአንባቢ መንገር አያስፈልገኝም፤ መስከረም 2 ቀን 1967 ዓ.ም. ንጉሠ ነገሥቱ ከዙፋናቸው ወረዱ፣ ኅዳር 15 ቀን ድንቅነሽ ከአፈር ወጣች። ታሪክ በቤተ መንግሥትም በሐዳርም ሲገለባበጥ፣ እኚህ ባልና ሚስት የያዙት ሥራ የትኛዋ ጭላዳ የትኛዋን እንደቀመለች መመዝገብ ነበር።

መቀመል! ነገሩ ሁሉ የሚያያዘው እዚህ ላይ ነው። የጭላዳ መንጋ ከሩቅ ሲታይ አንድ ሕዝብ ይመስላል፤ መቶዎች ሆነው፣ አንዳንዴም ከሺህ በላይ ሆነው ሜዳውን ያለብሱታል። ቀርቦ ለሚያይ ግን መንጋው ከትናንሽ ቤተሰቦች የተሰፋ ነው። እኔ «ጎጆ» ልበላቸው። በአንድ ጎጆ ውስጥ ጋማው እንደ ካባ የወረደ አንድ አባወራ፣ ከሁለት ሦስት እስከ አሥር ገደማ የሚደርሱ እንስቶችና ልጆቻቸው ይኖራሉ። እንስቶቹ እናትና ልጅ፣ እህትማማች፣ አክስትና የእህት ልጅ ናቸው፤ የጎጆው ባለቤቶች እነርሱ ናቸው ቢባል ይቀላል። ወንዱ መጥቶ ሄያጅ ነው። ሚስት የሌላቸው ጎረምሶች ለብቻቸው ተሰብስበው በዳር በዳር ይዞራሉ፣ ቀን ይጠብቃሉ።

ታዲያ አንዱ ጎረምሳ አባወራውን ለመገልበጥ ሲነሣ የሚያሸንፈው ማን ነው? ጥርሱ የረዘመው ይመስለን ነበር። ደንባር ያዩት ሌላ ነው። ወንዶቹ ሲያጓሩና ሲሯሯጡ፣ ፍርዱን የሚሰጡት እንስቶቹ ናቸው፤ ከአሮጌው ጋር ከቆሙ ጎረምሳው ተዋርዶ ይመለሳል፣ ከከዱት ግን ጉልበቱ አያድነውም። መቼ ይከዱታል ለሚለው ጥያቄ መልሱ በጎጆው ስፋት ላይ ነው። አንድ እንስሳ በቀን ውስጥ ያለው ሰዓት የተወሰነ ነው። ሣር ስስ ምግብ ስለሆነ አብዛኛው ቀን በመብላት ያልፋል። ለመቀማመል የምትቀረው ጊዜ ጥቂት ናት፤ እያንዳንዷ እንስትም ያቺን ጥቂት ጊዜ ይበልጡን ለእናቷ፣ ለልጇ ወይም ለእህቷ ትሰጣለች። ሚስቱ የበዛ አባወራ ሁሉንም ሊደርስባቸው አይችልም። ጀርባዋ በእጁ ያልተዳሰሰ እንስት ደግሞ የክፉ ቀን ስትመጣ ዞር ብላ አታየውም።

ደንባር ይህን ሁሉ በ1984 ባሳተሙት መጽሐፍ ሲተነትኑ ለንዑስ ርእሱ የመረጡት ቃል «ኢኮኖሚያዊ ትንተና» የሚል ነው። በባንክ መስኮት ተቀምጬ ስከፍልና ስቀበል ለምውል ለእኔ ይህ ቃል እንግዳ አይደለም። ጊዜ ተቀማጭ ነው፤ መቀማመል ቁጠባ ነው፤ ጠብ በተነሣ ቀን የሚወጣው ወጪ ከዚያው ሒሳብ ይቀነሳል። ያልቆጠበ ባዶ ደብተር ይዞ ይቆማል። (ግጥም ለሚሞክር ሰው ይህ አገላለጽ ደረቅ ነው፤ ግን እውነት አለው።)

ከዚህ በኋላ የሕይወታቸው መንገድ ጠመዝማዛ ነው። ቋሚ የማስተማር ሥራ ሳይኖራቸው ሁለት ዓመት ያህል የሳይንስ ጽሑፍ ለሕዝብ በመጻፍ ኖሩ፤ ብዕራቸው ከምሁራን ቋንቋ ወጥቶ የሰው ቋንቋ የለመደው በዚያ ጊዜ ይመስለኛል። እ.ኤ.አ. ከ1987 ጀምሮ በለንደን፣ ከ1994 ጀምሮ በሊቨርፑል የዝግመተ ለውጣዊ ሥነ ልቦና ፕሮፌሰር፣ ከ2007 ጀምሮ በኦክስፎርድ። ታዋቂውን ቁጥር ያፈለቁት በ1992 ነው። የልዩ ልዩ የዝንጀሮና የጦጣ ዓይነቶችን የአንጎል ውጫዊ ክፍል (ኒዮኮርቴክስ) መጠን ከሚኖሩበት ቡድን ስፋት ጋር ሲያስተያዩ፣ አንጎሉ የሰፋው ማኅበሩም ሰፊ ሆኖ አገኙት። በዚያው ቀመር የሰውን አንጎል ሲያሰሉት ከ148 ገደማ መጣ፤ 150 ተብሎ ተጠጋጋ። ኋላ ብሪታኒያውያን በገና ለስንት ሰው ካርድ እንደሚልኩ ሲቆጠር አማካዩ 153.5 ሆነ።

ቁጥሩ ዝናን አመጣ፤ እኔን የሚስበኝ ግን በ1996 ያሳተሙት ስለ መቀማመል፣ ስለ ሐሜትና ስለ ቋንቋ አመጣጥ የሚያወሳው መጽሐፍ ነው። መከራከሪያው እንዲህ ይሄዳል። እንስሳ ከቀኑ አንድ አምስተኛውን እንኳ ለመቀማመል ሰጥቶ መኖር ይከብደዋል፤ ሣሩንስ ማን ይበላለታል? የሰው ልጅ 150 ወዳጅ በመቀማመል ብቻ ያኑር ቢባል ከቀኑ አርባ በመቶ በላይ ያስፈልገዋል። ስለዚህ ሌላ ዘዴ አስፈለገው። በእጅ የሚቀመለው አንድ ሰው ነው፤ በአንደበት ግን ሦስት ሰው በአንዴ ማጫወት ይቻላል፣ እጅም ለሥራ ነፃ ይሆናል። እንግዲህ እንደ ደንባር አባባል ቋንቋ የተወለደው አደን ለማቀድ ወይም ድንጋይ ለመጥረብ ሳይሆን ለመጨዋወት፣ እነ እገሌን ለማንሣት፣ በግልጹ ለሐሜት ነው። ሰዎች ሲነጋገሩ በድብቅ ተሰምተው ሲመዘኑ ከወሬያቸው ሁለት ሦስተኛው ገደማ ስለ ሰው ሆኖ ተገኝቷል።

ይህን ሳነብ ያሰብኩት የእናቴን ግቢ ነው። ቡናው ይቆላል፤ አንዲት ጎረቤት የሌላዋን ጠጉር ሹሩባ ትሠራለች፤ አቦሉ ሲወርድ ያልተነሣ የሰፈር ሰው አይኖርም፤ ቶናው ላይ ይታማል፣ በረካው ላይ ይታዘንለታል። እጅም አፍም አንድ ላይ ይሠራሉ። ቤተ ክህነት ሐሜትን ኃጢአት ብላ ትቆጥረዋለች፤ እኔም አልከራከርም። ሆኖም ያ ቡና የማይጠራው ሰው የሞተበት ቀን ድንኳኑ ባዶ እንደሚሆን ሁላችን እናውቃለን። ማንን ማመን እንደሚገባ፣ ማን ተበድሮ እንደካደ፣ ማን የታመመን እንደጠየቀ የሚመዘገበው እዚያ ነው። እድርና ማኅበር መጽሐፍ ሳያነቡ ይህንን ደርሰውበታል።

«እና ዝንጀሮ ነን ልትለን ነው?» የሚለኝ አንባቢ እንደማይጠፋ አውቃለሁ፤ የባለ አርባ አራቱ ታቦት አገር ልጅ ነኝና ጥያቄውን አልንቀውም። ሳይንሱ ሰው ከጭላዳ ወጣ አይልም። የእኛና የእነርሱ ሐረግ የተለያየው ከ25 ሚሊዮን ዓመት በፊት ነው ባይ ነው፤ ጭላዳ የአጎት ልጅ ልጅ ልጅ እንጂ አያት አይደለም። ደንባር ራሳቸው በ2022 ስለ ሃይማኖት አመጣጥ አንድ መጽሐፍ አሳትመዋል። በአንድነት መዘመር፣ መወዛወዝና መሳቅ በአካላችን ውስጥ ኢንዶርፊን የሚባለውን ሕመም አስታጋሽ ንጥረ ነገር ያፈልቃል፣ መቀመልም የሚያፈልቀው እርሱኑ ነው፣ ማኅበረ ምእመናንን የሚያስተሳስረውም ይኸው ነው ይላሉ። ሌሊቱን በመቋሚያ ተደግፎ ማሕሌት ቆሞ ያደረ ሰው፣ ጎሕ ሲቀድ ያንን የማይገለጽ ቅለት ያውቀዋል። ፕሮፌሰሩ ስለ ቅለቱ ጎዳና ተናግረዋል፤ ስለ ምንጩ የሚናገረው ግን ሌላ መጽሐፍ ነው። ሁለቱን ማጣላት አያስፈልገኝም።

ሒሳቡን ግን እጠረጥረዋለሁ። ቁጥር የዕለት እንጀራዬ ነው፤ ሲጠጋጋ ደስ አይለኝም። እ.ኤ.አ. በ2021 የስዊድን ተመራማሪዎች ያንኑ ስሌት በአዲስ መረጃና በተለያየ ዘዴ ደግመው ሲሠሩት፣ መልሱ ከእጅግ ጥቂት ሰዎች እስከ አምስት መቶ በላይ ሊዘረጋ እንደሚችል አሳዩ፤ አንድ ቁጥር ይዞ መቆም አይቻልም አሉ። ከዚያም በፊት በ2017 ሌሎች፣ አንጎልን ያሰፋው የማኅበር ብዛት ሳይሆን የምግብ ዓይነት ነው የሚል ጥናት አውጥተዋል። ደንባር አልተረቱም፤ ክርክሩም አላበቃም። የእኔ ፍርድ 150ው ቢወድቅም ጥያቄው አይወድቅም የሚል ነው፤ የፍቅር ወሰኑ ጊዜ ነው የሚለው ሐሳብ ሳንካበር ላይ የታየ እንጂ ከቀመር የወጣ አይደለምና።

በዚያው በሳንካበር ከ2006 (እ.ኤ.አ.) ወዲህ ሌሎች የሥነ ልቦና መምህራን፣ የሚቺጋን ዩኒቨርሲቲዎቹ ጃሲንታ ቢነርና ቶር በርግማን፣ ጭላዳን ዓመት ከዓመት የሚከታተል ጥናት መሥርተዋል። ከግኝቶቻቸው ለሥነ ጽሑፍ ወዳጅ የሚጥሙትን ብቻ ልምረጥ። በርግማን በ2010 ባወጡት ጽሑፍ፣ ጭላዳዎች በአንድ ሜዳ አብረዋቸው የሚውሉትን የብዙዎቹን ድምፅ እንኳ ለይተው እንደማያውቁ በተቀረጸ ድምፅ ፈትነው አሳይተዋል፤ በሕዝብ መካከል ባይተዋር መሆን የፒያሳ ሰው ብቻ ዕጣ አለመሆኑን በዚህ ተረዳሁ። በ2013 የወጣ ጥናት ደግሞ ከአባወራው ተሰውረው የሚማግጡ ጥንዶች ድምፃቸውን አፍነው፣ እርሱ ራቅ ያለበትን ጊዜ ጠብቀው እንደሚያደርጉት፣ ሲደረስባቸውም እንደሚቀጡ ይናገራል። ጎጆ ሲገለበጥ ነገሩ ጨለማ ነው፤ አዲሱ ወንድ ግልገሎችን ይገድላል፣ ያረገዙትም አብዛኞቹ ያስወርዳቸዋል። እንዲህ ያለውን ስናነብ የጎንደርን ዜና መዋዕል ያስታውሰናል ብል ከእውነት አልርቅም።

ከሁሉ የሚገርመው ድምፃቸው ነው። ጭላዳ ሲግጥ ዝም አይልም፤ ያጉረመርማል፣ ያቃስታል፣ ይቀባበላል። ብሩስ ሪችማን የተባሉ ተመራማሪ ገና በ1987 በዚህ ቅብብል ውስጥ ምትና ዜማ እንዳለ ጽፈዋል። በ2016 ደግሞ የሚቺጋኖቹ ከባልደረቦቻቸው ጋር፣ የድምፁ ሐረግ በረዘመ ቁጥር እያንዳንዱ ድምፅ እያጠረ እንደሚሄድ አሳዩ። ይህ ሕግ በሰው ቋንቋም ያለ ነው። ስንኝ ሲረዝምብኝ ቃላቱን ለማሳጠር የምታገል ሰው ነኝና፣ ይህን አንብቤ ብቻዬን ስቄያለሁ።

ደንባር ከባልደረባቸው ጋር ተማሪዎች ከትምህርት ቤት ወጥተው ወደ ዩኒቨርሲቲ ሲሄዱ የአሥራ ስምንት ወር ክትትል አድርገው ነበር። ዘመድ ባይጠየቅም ይቆያል፤ ወዳጅ ግን ካልተገናኘ በወራት ውስጥ ይቀዘቅዛል። በ2015 ዓ.ም. ነሐሴ በክልላችን ኢንተርኔት ተቋርጦ ለወራት ሲቆይ ይህ ጥናት ሥጋ ለብሶ ታየኝ። በውጭ አገር ካሉት አብሮ አደጎቼ ጋር የነበረን የዕለት ጨዋታ ቀረ። መስመሩ ሲመለስ ሰላምታው ረዘመ፣ ጨዋታው አጠረ፤ ሁለቱ እስከ ዛሬም አልተመለሱም። በዚያው ወራት ግን ከመንገዱ ማዶ ከሚኖሩት ሰውዬ ጋር፣ ዓመታት በአንገት ሰላምታ ብቻ ከኖርነው ጋር፣ ማታ ማታ በር ላይ ተቀምጦ መጫወት ተጀመረ። እርሳቸው አሁን ከአምስቱ አንዱ ናቸው። (ደንባር 150ውን በቀለበት ከፋፍለው በመካከሉ የሚያስቀምጡት አምስት ሰው ነው።)

ሳንካበር ላይ ብዙ ነገር ተለውጧል። ፓርኩ በ1978 (እ.ኤ.አ.) ከዓለም ቅርሶች ከመጀመሪያዎቹ ጋር ተመዘገበ፣ በ1996 አደጋ ላይ ካሉት መዝገብ ገባ፣ የግጭ መንደር ነዋሪዎች በ2016 ወደ ደባርቅ ከተዛወሩ በኋላ በ2017 ከዚያ መዝገብ ወጣ። ገበሬውና ጭላዳው ለአንድ ቁራሽ መሬት እንደተፋጠጡ ናቸው፤ አንዱ ሣር ይፈልጋል፣ ሌላው ገብስ። ገብሱ ሲያሸት ሕፃናት ወንጭፍ ይዘው ማማ ላይ ይወጣሉ፤ ቀኑን ሙሉ መንጋውን ሲያዩ ይውላሉ።

ከጥቂት ዓመታት በፊት፣ በአንድ የጥቅምት ቀን፣ ከእነዚህ ልጆች አንዱ አጠገብ ተቀምጬ ነበር። ከመንጋው ተነጥሎ ብቻውን የሚግጥ፣ ጋማው የሳሳ፣ የደረቱ ቅላት የገረጣ አሮጌ ወንድ አየሁ።

«ይኼ ምን ሆኖ ነው?» አልኩት።

«ተቀምቶ ነው ጋሼ። አምና የሰባት ሚስት ጌታ ነበር» አለኝ ዓይኑን ከእርሻው ሳያነሣ።

«ማን ቀማው?»

«ያ ጥቁሩ። ግን እሱ አይደለም ያሸነፈው፤ ሚስቶቹ ናቸው የከዱት።»

ይህን ብሎ ድንጋይ በወንጭፉ ላይ አኖረ፤ ሁለት ግልገሎች ወደ ገብሱ ዳር እየተንፏቀቁ ነበር።